በሀራ የተሰጡት ስድስቱ

ኤልሳዕ ከተቀበረ ወዲህ የአስካለች መልስ ሁሉ «እሺ» ሆነ። ጎረቤት መጥታ ቅመሽ ስትላት እሺ፤ በምትሠራበት የዞን መሥሪያ ቤት አለቃዋ ያን ፋይል አምጪ ሲላት እሺ፤ ከቤተ ክርስቲያን የመጡ እህቶች እንጸልይልሽ ሲሏት እሺ። ሰው ይህን አይቶ ጠንካራ ሴት ናት አለ። ሰው መቼም ያየውን ነው የሚያወራው። እሷ ግን ጠንካራም ደካማም አልነበረችም። ጥርስ ሊነቀልለት መርፌ የተወጋ ሰው ድዱን በጣቱ ሲነካው የሌላ ሰው ድድ እንደሚመስለው፣ ለአስካለችም ኑሮዋ የሌላ ሰው ኑሮ መስሏት ነበር።

ባሏ ኤልሳዕ ሶዶ ውስጥ የሁለተኛ ደረጃ የኬሚስትሪ መምህር ነበር። ግንቦት ላይ ከሻንቶ በሞተር ሲመለስ ከጭነት መኪና ጋር ተጋጨና እዚያው ቀረ። ለቅሶው ላይ እህቶቹ ደረታቸውን ሲደቁ አስካለች ወንበሩ ለእንግዳው ይበቃ እንደሆነ ታስብ ነበር። አንዲት ጠብታ እንባ አልወጣትም። አንዳንድ ሴቶች ይህን አንስተው መንሾካሾካቸው አልቀረም፤ ሹክሹክታው ከጆሮዋ ሲደርስም አልተቀየመችም። «አስኩ» ብሎ የሚጠራት በዓለም ላይ አንድ ሰው ብቻ ነበር፤ ከእንግዲህ የሚጠራት የለም። ይህን ታውቀዋለች። የቤቱን ኪራይ እንደምታውቀው ታውቀዋለች እንጂ አያማትም።

የኤልሳዕ ልብስ ለወንድሞቹ ተሰጠ፣ መጻሕፍቱ ወደ ትምህርት ቤቱ ሄዱ። ቤት ውስጥ የቀረችው ያቺ ጌም ናት። ውጭ አገር ያለ የአክስቱ ልጅ የላከለት፣ መዳፍ የምታክል፣ በሁለት እጅ ተይዛ የምትነካካ አሮጌ ዕቃ። በጌሟ ውስጥ አንድ ልጅ ከመንደሩ ተነስቶ በየጫካው እየዞረ አውሬ ይይዛል፣ የያዘውን እየመገበ ያሳድጋል፣ ካሳደገ በኋላ ከሌላ ሰው አውሬ ጋር ያጋጥማል። ነገሩ ይኸው ነው። ለዚህ ሲባል አርባ ሊሞላው የደረሰ መምህር የተማሪ ፈተና ሳያርም ያመሻል። አስካለች ስንት ጊዜ ከሽንት ቤት ጉድጓድ እጨምራታለሁ ብላ ዝታለች። እሱ ይስቅና «ተይ እንጂ አስኩ፣ አንቺም እኮ አለሽበት» ይላታል። ማባበያ መስሏት አንድም ቀን ምን ማለትህ ነው ብላ አልጠየቀችውም።

ክረምቱን ሙሉ ጌሟን ይዛ የከረመችው ልጃቸው ሶልያና ናት። ዘጠኝ ዓመቷ ነው። ዝናቡ ከዳሞታ ተራራ እየወረደ ቆርቆሮውን ሲደበድብ እሷ ጥግ ይዛ፣ ጉልበቷን አጥፋ ትጫወታለች። እናቷ ተጫወቺ አላለቻትም፣ ተይም አላለቻትም። ልጅቱ ዝም ካለች ደህና ናት ብላ ተቀመጠች። እንዲህ ያለ ስሌት የሚሠራው ልቡ ለደነዘዘ ሰው ብቻ ነው።

አንድ ከሰዓት አስካለች ቦዬ የሚሉትን ሥራ ሥር እየላጠች ሳለ ከጓዳ የምትሰማው ዜማ ያው የትናንቱ መሆኑ ገባት። የትናንቱ ደግሞ ያው የሐምሌው ነው። አንዲት አጭር፣ ደስ ደስ የምትል ዜማ፤ ትሄዳለች፣ ትመለሳለች፣ እንደገና ትሄዳለች። ቢላዋውን እንደያዘች ብቅ ብላ ይቺ ዘፈን አታልቅም ወይ ስትል ጠየቀቻት። ሶልያና ቀና ሳትል የመጀመሪያው መንደር ሙዚቃ ነው አለቻት።

እናቷም እስካሁን መጀመሪያው ላይ ነሽ ወይ ብትላት፣ ልጅቱ ሁልጊዜ መጀመሪያው ላይ ነኝ አለች። ከዚያ አስረዳቻት፤ መምህር ለሰነፍ ተማሪ እንደሚያስረዳው ቀስ ብላ። ጌሟ የምትይዘው የአንድ ሰው ጨዋታ ብቻ ነው። አሁን ውስጧ ያለው የአባቷ ነው፣ ስሙም ተጽፎበታል። የራስሽን አዲስ መጀመር ትችያለሽ፤ እንደፈለግሽ መሄድም ትችያለሽ። ሴቭ ያደረግሽ እንደሆነ ግን የአባቷ ይጠፋል። ጌሟ ራሷ በእንግሊዝኛ የቀድሞውን ላጠፋው ነው ብላ ሁለት ጊዜ ታስጠነቅቃለች፤ ቃሉን ከመዝገበ ቃላት አይታዋለች። ስለዚህ ሶልያና በየቀኑ ከዜሮ ትጀምራለች። ያቺን ትንሿን አውሬ ትመርጣለች፣ የመጀመሪያውን ጫካ ታቋርጣለች፣ ቀይዋ መብራት ብልጭ ማለት ትጀምራለች፣ ባትሪው ያልቃል፣ ያሳደገችው ሁሉ ውሃ ይበላዋል። በማግሥቱ ደግሞ ከመንደሩ።

«ሴቭ ካደረግኩ አባዬ ይጠፋል» አለች ሶልያና። «አንቺ ወስኚ እማ። ልንካው ወይስ ልተወው?»

አስካለች እሺ ልትል አፏን ከፈተች። ለዚህኛው ግን እሺ መልስ አይሆንም። ንኪው ካለች የአባቷ ስም ከመጨረሻው ቦታ ይፋቃል፤ ተይው ካለች ልጅቱ ዕድሜ ልኳን ከአንድ መንደር አትወጣም። ሌላ እናት ብትሆን እዚያው ቁጭ ብላ ታለቅስ ነበር። አስካለች ያልተመለሰ ጥያቄዋን ይዛ ወደ ቦዬዋ ተመለሰችና ላጠች፣ ላጠች፤ ነቅታ ስታየው በእጇ የቀረው የእንቁላል ያህል ሆኗል። ለራት አልበቃም።

መስከረም ጠባ። ጊፋታ፣ የወላይታ አዲስ ዓመት፣ ሲቃረብ የኤልሳዕ አባት አቶ ቶማ ከጉኑኖ መጡ። በኮባ የተጠቀለለ ቅቤ በአንድ እጃቸው፣ በሌላው እጃቸው ደግሞ ወፍራም ጥቅል ገመድ ይዘዋል። አስካለች ቅቤውን ተቀብላ ገመዱ ምን ሊሆን ነው ስትል በወላይትኛ ጠየቀቻቸው።

ሽማግሌው በጥያቄዋ ተገርመው ለልጄ ከብቶች ነዋ አሏት። ስድስቱን ልነዳ ነው የመጣሁት።

ነገሩ ወዲህ ነው። በወላይታ ከብት ያለው ሁሉ ሣር አለው ማለት አይደለም፤ ሣር የሌለው ላሙን ለሌላ ሰው በሀራ ይሰጣል። አርቢው ወተቱን ይጠጣል፣ እበቱን ለእንሰቱ ያደርጋል፣ በጥጃው እንደ ውላቸው ይነጋገራሉ፤ ላሟ ግን የትም ትደር የት የባለቤቷ ናት። ባለቤቱ የሞተ እንደሆነ አርቢው ለቅሶ ቤት መጥቶ በሽማግሌዎች ፊት «ከብቱ እኔ ዘንድ ነው» ብሎ መቆም አለበት። ዝም ያለ ሰው ሌባ ነው። በኤልሳዕ ለቅሶም አንድ ገበሬ ተነስቶ አንዲት ጊደር እኔ ዘንድ ናት አለ። ተመረቀና ተቀመጠ። ሌላ አለ ወይ ሲባል ዝም ዝም ሆነ።

በዚያ ዝምታ መሀል ነው ያሬድ የተነሳው። ያሬድ የደብረ ታቦር ልጅ ነው፤ በዩኒቨርሲቲው ፊዚክስ ያስተምራል። ከኤልሳዕ ጋር ያወዳጀቻቸው ያቺው ጌም ናት፤ በሶዶ ከተማ እንዲህ ያለ ዕቃ ይዘው የሚዞሩ ትልልቅ ሰዎች ሁለቱ ብቻ ሳይሆኑ አይቀሩም። አጠገቡ የተቀመጠ ሰው የሚባለውን ሁሉ በአማርኛ ሹክ ሲለው ሰማ፤ ሌባ የሚለውንም ሰማ። ጨዋ ሰው ያሳደገው ነውና ዝም ማለት አልቻለም። ላብ በላብ ሆኖ ቆመና የኤልሳዕ ስድስቱ እኔ ዘንድ ናቸው፣ በሀራ ነው የሰጠኝ፣ ቃሉም የራሱ ነው ብሎ ተቀመጠ። ለቅሶ ላይ መልኩ ምንድን ነው፣ ስንት ወልዷል ተብሎ አይጠየቅም። የዩኒቨርሲቲ መምህር ከብት የት ያረባል እንዳይባል ደግሞ የዩኒቨርሲቲው ግቢ ሣር አገር ያወቀው ነው። ሽማግሌዎቹ መረቁት። አስካለችም እዚያው ነበረች፤ ሰምታለችም። ስድስት ከብት ነው ቢሏት እሺ፣ ስድስት አንበሳ ነው ቢሏትም እሺ።

ያሬድ ከተቀመጠ በኋላ ምን እንዳደረገ ገባው። ተነስቶ ከብት አይደሉም፣ የጨዋታ አውሬ ናቸው ሊል ነው? በለቅሶ ቤት? ሳምንት ሳይሞላ ለሥልጠና አዲስ አበባ ሄደ፤ ሲመለስም በዚያ ሰፈር ማለፉን ተወ። አቶ ቶማ በበኩላቸው ክረምቱን በረት ሲያሰፉ ከረሙ። ለጉኑኖ ሰው ልጄ በሶዶ ስድስት ከብት ነበረው ብለዋል። እናቱ ቀድማው ባትሞት ኖሮ ምን ያህል ደስ ባላት እያሉ ብቻቸውንም ያወሩ ነበር።

አስካለች ለያሬድ ስልክ ደወለችለት። ያሬድ በባጃጅ መጣ፤ የሽማግሌውን ገመድ ከደጅ ሲያይ እጅ እግሩ ተሳሰረ። አቶ ቶማ ተነስተው በሁለት እጃቸው ጨበጡት። አማርኛቸው ወንድና ሴት ብዙ አይለይም፤ ትህትናቸው ግን ማንንም አያሳስትም።

«ልጄ፣ ኤልሳዕ አንተ ጋ ያስቀመጠች ከብት ደህና ነው?» አሉት።

ያሬድ ከቦርሳው የራሱን ጌም አወጣና በሁለት እጁ እንደ ያዘ ከፊታቸው ተንበረከከ። ሁሉንም ነገራቸው። አስካለች እየተረጎመች፣ ሶልያና የእናቷን ትርጉም እያረመች፣ ሽማግሌው ቀስ በቀስ ሰሙ። ስድስቱ እዚች ውስጥ ናቸው። ሥጋ የላቸውም፣ አይጠመዱም፣ አይታለቡም።

አቶ ቶማ ጎንበስ ብለው ዕቃዋን ተመለከቱ። ያሰፉት በረት፣ ያወሩት ወሬ በፊታቸው ላይ ሲያልፍ ይታይ ነበር። አስካለች አዘነችላቸው ማለት አይቻልም፤ ማዘን እንደሚገባት ግን አሰበች፣ ይህም ለእሷ ብዙ ነው። ሽማግሌው በመጨረሻ ሲናገሩ ያልተጠበቀ ነገር ጠየቁ። በከብቶቹ ላይ ያለው የማን ስም ነው?

ያሬድ የኤልሳዕ ነው አለ። አንዱን ከፍቶ አሳያቸው፤ ከሥዕሉ ሥር በእንግሊዝኛ ፊደል የመጀመሪያው ባለቤት ስም ተጽፏል። ከእጅ እጅ ቢተላለፉ፣ ማንም ቢያሳድጋቸው ይህ ስም አይፋቅም፣ አይለወጥም።

«እንግዲያው ሀራ ነው» አሉ አቶ ቶማ። ቀጥለውም ወተቱን ማን ጠጣው አሉ። ያሬድ አንገቱን ደፍቶ በእነሱ አንድ ሁለት ግጥሚያ ማሸነፉን ተናዘዘ። ሽማግሌው ያ የአርቢው ድርሻ ነው፣ ይሁንልህ ብለው ገመዱን መልሰው ጠቀለሉ።

ሶልያና ግን አንድ ነገር አልገባትም። አባቷ እነዚህን ለምን ከራሱ አወጣ? ምርጥ ምርጦቹን ነው እኮ የሰጠው ስትል ጠየቀች። ያሬድ አስካለችን አየት አደረገና መለሰ።

«በክረምቱ እረፍት ከልጄ ጋር ከዜሮ ልጀምር ነው አለኝ። ራሱ ሊያጠፋው ነበር። የሚወዳቸውን እኔ ጋ አሳድሮ የቀረውን ሊያጠፋው። እስክንደርስ ጠብቅልን፣ ከዚያ ለሶሊ ትመልሳለህ ነው ያለኝ።»

ልጅቱ ክረምቱን ሙሉ የጠበቀችው ባለቤቱ ዕቃውን አውጥቶ የለቀቀውን ቤት ነበር። አስካለች ይህን ስትሰማ ደረቷ ውስጥ አንዳች ነገር የተነቃነቀ መሰላት፤ ብትጠብቀው ተመልሶ ተኛ። መልሱ ግን አሁን በእጇ ነው። ከልጇ አጠገብ ወለሉ ላይ ተቀመጠች።

«ንኪው» አለቻት።

ሶልያና አዲስ ጀመረች። ስም ሲጠይቃት የራሷን ጻፈች። ጌሟ የቀድሞው ይጠፋል አለች፤ ሶልያና እናቷን አየች፣ እናቷ ራሷን ነቀነቀች። እንደገና እርግጠኛ ነሽ ወይ አለች። ልጅቱ በዚህን ጊዜ ጣቷን ቁልፉ ላይ አድርጋ ቆየች፤ አስካለች የራሷን አውራ ጣት በላዩ አድርጋ አብረው ተጫኑት። አለቀ። የኤልሳዕ ስም የነበረበት ላይ ሶልያና ተጻፈ። አቶ ቶማ አጎንብሰው ጸለዩ፣ ያሬድ አማተበ፣ አስካለች ራት ልታቀርብ ተነሳች።

ስድስቱን ያን ዕለት መመለስ አልተቻለም፤ ልጅቱ ጥቂት መንገድ ካልሄደች ጌሟ አውሬ መለዋወጥ አትፈቅድላትም። ጊፋታ አለፈ፣ ትምህርት ተጀመረ። ቤት ውስጥ የምትሰማው ዜማ ተለወጠች፣ ከዚያም ሌላ ዜማ ተከተለ። አስካለች ድስቱን እያማሰለች አሁን የት ደረሽ ማለት ጀመረች። መልሱን አንዳንዴ ትሰማለች፣ አንዳንዴ አትሰማም።

አንድ ቅዳሜ ሶልያና ደርሻለሁ አለች። ያሬድ ኬብሉን ይዞ መጣ። አቶ ቶማም ከጉኑኖ መጡ፤ የሀራ ርክክብ ያለ ሽማግሌ አይሆንም ብለው ነው፤ አሁን ግን ገመድ አልያዙም። ሁለቱ ጌሞች በቀጭኗ ኬብል ተያያዙ። ሽማግሌው በዚች ክር ነው ስድስት የሚጎተቱት ብለው ተገረሙ። ልጅቱ ከጫካ የያዘቻትን አንዲት ትል ሰጠች፤ በእሷ ፈንታ ከወዲያ በኩል የአባቷ የመጀመሪያዋ መጣች። ለዛሬ እሷ ትበቃኛለች፣ ሌሎቹ ይቆዩልኝ አለች። ያሬድም እሺ ብሎ ኬብሉን ነቀለ።

ሶልያና ወዲያው ልትሞክራት ጫካ ገባች። ከጫካው አንዲት ወፍ መጣችባት። ልጅቱ አዲሷን አውጥታ ምቺ አለቻት። ከዚያ ፊቷን አኮማተረች፤ ስክሪኑን አስጠግታ እንግሊዝኛውን በጣቷ እየተከተለች አነበበች።

«አስኩ አልሰማ አለች» ብላ ተረጎመች። «አስኩ… ተኝታለች።»

አስካለች ከጓዳ ብርጭቆ እያጠበች ነበር። ውሃው እየፈሰሰ ቆመች። «ማን?» አለች።

«አስኩ። ስሟ ነው፤ አባዬ ነው ያወጣላት።»

ያሬድ ድምፁን ዝቅ አድርጎ አስረዳ። ኤልሳዕ በጌሟ መጀመሪያ የመረጣት እሷን ነው። ከእሷ የሚበረቱ ብዙ ይዟል፤ እሷን ግን ከአጠገቡ አውጥቷት አያውቅም። በሀራ ሲሰጥም ቀድሞ የሰጠው እሷን ነው፤ እንዳትጠፋበት። አሁን የማትታዘዘው በሌላ እጅ ስላደገች ነው፤ ሶልያና ገና ጀማሪ ናት፣ ጥቂት ግጥሚያ እስክታሸንፍ አትሰማትም። አቶ ቶማ ይህ ሲተረጎምላቸው የሚያውቁት ነገር ነው፤ ጌታዋ የሞተባት ላም ለሌላ እጅ ወተት አታወርድም፣ አይፈረድባትም አሉ።

አስካለች እጇን ሳታደርቅ መጥታ ከልጇ ኋላ ቆመች። ስክሪኑ ላይ አንዲት ክብ ያለች፣ ጆሮዋ የተንጠለጠለ አውሬ ዓይኗን ጨፍና ተኝታለች። ወፏ ትመታታለች፣ እሷ ትተኛለች። ልጅቱ ደግማ አዘዘች፤ አስኩ ወደ ሌላ አየች። ደግማ አዘዘች፤ አስኩ ምንም አላደረገችም።

«ይዘሽ ከምትዞሪያቸው አውጥተሽ በጌሟ ማቆያ ሳጥን ብታስቀምጫት አይሻልም?» አለ ያሬድ። «እስክትበረቺ።»

«አይ» አለች ሶልያና። «ሳጥን ውስጥ ብቻዋን አላስቀምጣትም። እስክትሰማኝ ይዣት እዞራለሁ። እኔ ለእሷም እዋጋላታለሁ።»

መርፌው ሲለቅ መጀመሪያ የሚመጣው ሕመሙ ነው። አስካለች ወለሉ ላይ ተቀመጠች። ከዚያ ከግንቦት ጀምሮ የት እንደነበረ ያልታወቀው ሁሉ በአንድ ጊዜ መጣ፤ ሞተሩ፣ ሻንቶ፣ ከሽንት ቤት ጉድጓድ እጨምራታለሁ ያለችው፣ አንቺም አለሽበት ሲላት ያልጠየቀችው። በዚያ በሰፊው ለቅሶ ያልወጣት ድምፅ በቅዳሜ ከሰዓት፣ አራት ሰው በተቀመጠበት ቤት ወጣ። ጎረቤቶች ከአጥር ማዶ ወጥተው ቆሙ። ያሬድ ሊያባብላት ሲነሳ አቶ ቶማ ክንዱን ይዘው አስቀመጡት፤ እሳቸውም ፊታቸውን በጋቢያቸው ሸፍነው ልጃቸውን በወላይትኛ በስሙ መጥራት ጀመሩ።

ሶልያና እናቷ እንዲህ ስታለቅስ አይታ አታውቅም። ፈራች። ያጠፋችው ነገር ያለ መሰላትና ጌሟን በደረቷ ለጥፋ፣ ጣቷን ማጥፊያው ላይ አድርጋ ተጠጋቻት።

«እማ፣ ላጥፋው?»

አስካለች እርጥብ እጇን ዘርግታ የልጇን እጅ ያዘች።

«አታጥፊው» አለች። «መጀመሪያ ሴቭ አድርጊ።»